ፖሊስ የአሸዋ መኪናዬን ያዘ፤ ከባለቤቶችና ከሹፌሮች ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

እነዚህን መልሶች ለመጻፍ የተነሣሁት አንድ ዓይነት ጉዳይ እየደጋገመ ቢሮዬ ስለሚመጣ ነው። ገልባጭ መኪና ከወንዝ ዳር አሸዋ ጭኖ ሲወጣ ይያዛል፤ ሹፌሩ ጣቢያ ያድራል፤ ባለቤቱ በማግስቱ አሥር ቦታ ይደውላል፤ በሦስተኛው ቀን ጉዳዩን የሚጨርስ ሰው ተገኘ ይባላል። ጠበቃ ዘንድ የሚመጡት ገንዘቡም ጊዜውም ካለቀ በኋላ ነው። እዚህ የምጽፈው በሕገ መንግሥቱና በፌዴራል ሕጎች ላይ ቆሞ ነው። የየክልሉን ደንብ እንዴት እንደሚጠይቁ ደግሞ በየቦታው አነሣለሁ።

መኪናዬ ተያዘ ማለት ተወረሰ ማለት ነው?

አይደለም። ይህን ከሁሉ አስቀድሜ የምመልሰው ብዙ ሰው መኪናው በተያዘበት ቀን «አለቀልኝ» ብሎ ስለሚቀመጥ ነው። ፖሊስ የሚይዘው ለምርመራና ለማስረጃ ነው፤ መኪናው ኤግዚቢት ሆኖ ይቆያል እንጂ ባለቤትነቱ ከእርስዎ አልወጣም። በወንጀል ጉዳይ ንብረት የሚወረሰው ክስ ቀርቦ፣ ክርክር ተሰምቶ፣ ፍርድ ቤት ሲያዝ ነው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 የግል ንብረት ባለቤትነትን ያረጋግጣል፤ አንቀጽ 20 ደግሞ የተከሰሰ ሰው በፍርድ ሂደት እስኪረጋገጥበት ድረስ እንደ ጥፋተኛ እንደማይቆጠር ይደነግጋል። ስለዚህ አንድ የጣቢያ ኃላፊ «ይህ መኪና ተወርሷል» ቢልዎ የፍርድ ቤቱን ትእዛዝ ቁጥርና ቀን ይጠይቁ።

ወንዝ የሁሉም አይደለም እንዴ? አሸዋ መጫን ወንጀል የሚሆነው መቼ ነው?

ወንዙ የሁሉም ስለሆነ ነው ማንም ብቻውን ሊወስደው የማይችለው። በአንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 መሠረት የመሬትና የተፈጥሮ ሀብት ባለቤትነት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። አሸዋ ደግሞ በማዕድን ሥራዎች አዋጅ ቁጥር 678/2002 ከኮንስትራክሽን ማዕድናት አንዱ ነው፤ ለማምረት ፈቃድ ያስፈልገዋል። ለዚህ ዓይነቱ ማዕድን በአብዛኛው ፈቃድ የሚሰጠው የክልሉ የማዕድን ጉዳይ መሥሪያ ቤት ነው። በብዙ ወረዳዎች ፈቃዱን የያዙት በማኅበር የተደራጁ ወጣቶች ናቸው፤ መኪናው ከእነርሱ ገዝቶ ይጭናል።

እዚህ ላይ የማምንበትን ሳልናገር አላልፍም። በሙያዬ ለመኪና ባለቤቶች እከራከራለሁ፤ ነገር ግን ከድልድይ ሥር፣ ከእርሻ ጥግ፣ ፈቃድ ከሌለው ቦታ አሸዋ መዛቅ ቀላል ጥፋት አይደለም። አሸዋው በወጣ ቁጥር የወንዙ አልጋ ይወርዳል፤ አልጋው ሲወርድ ዳሩ ይናዳል፤ ከዳሩ ጋር የሚሄደው የአንድ ገበሬ ማሳ ነው። በበጋ ወንዙ ሲደርቅ ሴቶች አሸዋውን ጭረው ውኃ የሚቀዱባቸው ቦታዎች አሉ፤ አሸዋው ከሄደ ያ ውኃም አይገኝም። ሕጉ የሚጠብቀው ይህን ነው። እኔ የምለው የመኪናው ባለቤት መብትም በዚያው ሕግ የተጠበቀ መሆኑን ነው።

በተግባር መጀመሪያ የሚያስፈልግዎት አንድ መልስ ነው፤ የተያዝኩት በየትኛው ሕግ፣ በየትኛው አንቀጽ ነው? በአዋጁ? በክልሉ ደንብ? ወይስ በትራፊክ ጥፋት፣ ለምሳሌ ከመጠን በላይ በመጫን? በሦስቱም መንገዱ ይለያያል። የትራፊክ ጥፋት ከሆነ ጉዳዩ በዚያው በትራፊክ ሕጉ መሠረት ያልቃል፤ መኪናው የማዕድን ወንጀል ኤግዚቢት ሆኖ የሚቆይበት ምክንያት የለም።

በተያዘበት ሰዓት እዚያው ምን ይደረግ?

አይጨቃጨቁ፤ መኪናውን ይዞ ለመሮጥም አይሞከር። በአንድ የአሸዋ ክስ ላይ ሌላ የወንጀል ክስ የሚደረበው በዚች ደቂቃ ነው። ሹፌሩ ለፖሊሱ ደረሰኙንና ወረቀቶቹን ያሳይ፤ የያዘውን ፖሊስ ስም፣ የጣቢያውን ስም፣ ቦታውንና ሰዓቱን ይመዝግብ። ለባለቤቱ ወዲያው ይደውል።

ከዚያ የሚመጣው ሁሉም የሚዘነጋው ሥራ ነው፤ ዝርዝር። መኪናው ጣቢያው ግቢ ሲገባ በላዩ ላይ ያለው ነገር አንድ በአንድ ይመዝገብ፤ ታርጋ፣ የሻንሲና የሞተር ቁጥር፣ የጎማዎቹ ብዛትና ሁኔታ፣ ስኮርታ፣ ባትሪ፣ ክሪክ፣ ሸራ፣ በጋቢናው ውስጥ ያለ ዕቃ፣ የናፍጣው መጠን፣ የተጫነው አሸዋ ስንት ሜትር ኩብ እንደሆነ። የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ በአንቀጽ 33 ስለ ብርበራ ሲደነግግ የተያዘ ንብረት በዝርዝር እንዲመዘገብ፣ ሲቻልም ገለልተኛ ሰው ዝርዝሩን አይቶ እንዲፈርም ያዛል። መኪና ሲያዝም ይኸው ሥርዓት እንዲከበር ይጠይቁ። ቅጂውን ይቀበሉ፤ ካልሰጡ በዚያው ቀን በማመልከቻ ይጠይቁና የማመልከቻዎን ቅጂ በገቢ መዝገብ ቁጥር ያስመቱበት።

አንድ ደንበኛዬ ነበሩ፤ ሲኖትራካቸው ስምንት ወር ግቢ ውስጥ ቆሞ ተለቀቀላቸው። ሊረከቡ ሲሄዱ ባትሪው የለም፣ ሁለት ጎማ ተቀይሯል፣ ስኮርታውም የለም። ሲገባ የተጻፈ ዝርዝር ስላልነበረ «ሲገባም እንዲሁ ነበር» ለሚለው መልስ አጸፋ ማቅረብ አልቻልንም። ክርክሩን የተሸነፍነው በመጀመሪያው ቀን ነበር። ከዚያ ወዲህ ለማንም ስናገር ከሕጉ በፊት ስለ ዝርዝሩ የምናገረው በዚህ ምክንያት ነው።

አሸዋው ሲራገፍ ወይም ለሌላ ሲሰጥም እንዲሁ መዝገብ ይኑር። ማስረጃ የተባለው ጭነት ያለ ቃለ ጉባኤ ከጠፋ፣ መኪናው ምን ያህል ጭኖ ነበር የሚለው በኋላ በግምት ይጻፋል፤ ግምቱም አብዛኛውን ጊዜ ለእርስዎ አያደላም።

ሹፌሬ ታስሯል። የእርሱና የመኪናው ጉዳይ አንድ ነው?

ሁለት ጉዳይ ነው፤ መቅደም ያለበትም ሰውየው ነው። የተያዘ ሰው በሚገባው ቋንቋ ለምን እንደተያዘ ወዲያው የማወቅ፣ ያለመናገር፣ ለመድረስ የሚፈጀው ጊዜ ሳይቆጠር በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት የመቅረብ መብት አለው፤ ሁሉም በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 የተጻፉ ናቸው። ቋንቋው ቀላል ነገር አይደለም። ከአዲስ አበባ ወጥቶ ሞጆ አካባቢ የተያዘ ሹፌር መዝገቡ በአፋን ኦሮሞ ይከፈትለታል፤ ቋንቋውን ካላወቀ ያልገባው ቃል ላይ አይፈርም፣ ችሎት ሲቀርብም አስተርጓሚ ይጠይቃል።

ፖሊስ ምርመራዬን አልጨረስኩም ካለ ፍርድ ቤቱን የጊዜ ቀጠሮ ይጠይቃል፤ በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 59 መሠረት አንዱ ቀጠሮ ከ14 ቀን አይበልጥም። ይህ ችሎት ለመኪናውም የመጀመሪያው በር ነው። ዳኛው ፊት ፖሊስ ምን እንደቀረው ሲናገር፣ ለቀረው ሥራ መኪናው በእርግጥ ያስፈልግ እንደሆነ የሚጠየቅበት ቦታ እዚያው ነው።

ባለቤቶች ሆይ፣ ሹፌሩን ጥላችሁ ለመኪናው ብቻ አትሩጡ። ቤተሰቡን የሚያስተዳድር፣ ሂድ ወደተባለበት የሄደ ሰው ነው። ለእርሱ ዋስ አለመቆም በሰብዓዊነት ብቻ ሳይሆን በጉዳዩም ይጎዳችኋል፤ ብቻውን የቀረ ሰው ከተጨነቀ የሚሰጠው ቃል የእናንተንም መዝገብ ይለውጠዋል።

ይለቀቅልኝ ብዬ ማመልከቻ የማስገባው ለማን ነው?

ምርመራው ገና ከሆነ ለመርማሪውና ለጣቢያው ኃላፊ፤ በግልባጭ ምርመራውን ለሚመራው ዐቃቤ ሕግ፣ በክልል ለወረዳው ፍትሕ ጽሕፈት ቤት። መልስ ካልሰጡ ወይም ከከለከሉ ጉዳዩ በተፈጠረበት ቦታ ላለው ፍርድ ቤት። ቦታው ያስፈልጋል፤ የወንጀል ጉዳይ የሚታየው ድርጊቱ ተፈጸመ በተባለበት አካባቢ ስለሆነ አዲስ አበባ ተቀምጦ አዲስ አበባ ማመልከት ቀን ከማባከን በቀር አይረባም። ክስ ከተመሠረተ በኋላ ደግሞ ማመልከቻው መዝገቡን ለያዘው ችሎት ብቻ ይሆናል።

በቃል አይጠይቁ። በቃል የጠየቀ ሰው ሦስት ወር ሲመላለስ ከርሞ «መቼ ጠየቅክ?» ይባላል።

ማመልከቻው ምን ይበል? ማልቀስ አያስፈልገውም። ማሳመን ያለብዎት አንድ ነገር ነው፤ መኪናው ቆሞ መዋሉ ለማስረጃው የሚጨምረው ነገር እንደሌለ። ፎቶግራፍ ይነሣ፣ ጭነቱ ይለካ፣ ቃለ ጉባኤ ይያዝ፤ ፍርድ ቤት የሚያየው እነዚህን ነው፤ ሃያ ቶን የሚጭን መኪና ችሎት አይገባም። ከዚያ ዋስትናውን እርስዎ ራስዎ ያቅርቡ፤ መኪናው እንዳይሸጥና እንዳይተላለፍ ትራንስፖርት መሥሪያ ቤቱ ዘንድ እግድ ይመዝገብ፣ በተፈለገ ጊዜ አቀርባለሁ ብዬ ልፈርም፣ ዋስ ላምጣ። ዳኛ «መልቀቅ» የሚለውን ቃል ብቻ ሲሰማ ይጠራጠራል፤ እግዱና ዋሱ አብረው ሲቀርቡለት የሚያመዛዝነው ነገር ያገኛል። በየቀኑ የሚደርሰውን ጉዳት፣ የባንክ ዕዳውን፣ የሠራተኞቹን ደመወዝ በሰነድ ያያይዙ።

አያይዘው የሚያቀርቡት ሊብሬ፣ መታወቂያ፣ በሌላ ሰው የሚከራከሩ ከሆነ የተረጋገጠ ውክልና፣ የአሸዋው ደረሰኝና የአምራቹ ማኅበር ፈቃድ ቅጂ ነው።

መኪናውን ገዝቻለሁ፣ ሊብሬው ግን በስሜ አልዞረም።

ይህ እጅግ የተለመደ ነው፤ ችግር የሚሆነውም እንዲህ ዓይነት ቀን ሲመጣ ነው። መዝገቡ የሚያውቀው ሊብሬው ላይ ስሙ ያለውን ሰው ነው። ሻጩን ይዘው ይሂዱ ወይም የውል ማረጋገጫ ጽሕፈት ቤት ያጸደቀው ውክልና ያስሰጡ፤ የሽያጭ ውሉንም አያይዙ። ሻጩ ከጠፋ ለማመልከት እንኳ ሌላ ክርክር ማሸነፍ ይጠበቅብዎታል።

መኪናው በብድር የተገዛና ሊብሬው በባንክ እጅ ከሆነ በመጀመሪያው ሳምንት ለባንኩ በጽሑፍ ያሳውቁ። ባንኩ በመያዣው ላይ የራሱ መብት ስላለው መኪናው የዕዳ መያዣ መሆኑን የሚገልጽ ደብዳቤ ሊጽፍልዎ ይችላል፤ ደብዳቤው ማመልከቻዎን ያጠነክራል። ወርኃዊ ክፍያው ግን መኪናው ቆመ ብሎ አይቆምም። ባንኮች መያዣን በራሳቸው የመሸጥ ሥልጣን በሕግ አላቸውና ስለ ክፍያው ማራዘሚያ ቀድመው ይነጋገሩ።

መኪናውን ያከራየሁት ለሌላ ሰው ነው። አሸዋ እንደሚጭን አላውቅም ነበር።

የወንጀል ኃላፊነት በግል ነው፤ ሌላው ባደረገው እርስዎ አይጠየቁም። ግን «አላውቅም ነበር» ማለት ብቻውን አይበቃም፤ የኪራይ ውሉ፣ ለምን ሥራ እንደተከራየ የሚናገረው አንቀጽ፣ የተቀበሉት ኪራይ፣ ሹፌሩን የቀጠረው ማን እንደሆነ ይጠየቃል። መኪናው ከዚህ በፊትም በዚሁ ጉዳይ ተይዞ እንደነበር መዝገቡ ካሳየ አለማወቅዎን የሚያምን ዳኛ ማግኘት ይከብዳል።

ዋናው ነገር ጊዜው ነው። በክሱ ውስጥ ስምዎ ስለሌለ ማንም አይጠራዎትም፤ አንድ ቀን መኪናው ይወረስ የሚል ፍርድ ሰሙ ማለት ነው። ስለዚህ ክሱ የት ችሎት እንዳለ ተከታትለው፣ ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት «ንብረቱ የእኔ ነው፣ በጥፋቱ የለሁበትም» ብለው በራስዎ ስም ያመልክቱ። ፍርዱ ከወጣና ከተፈጸመ በኋላ መንገዱ በጣም ይጠብባል።

«ቅጣቱን ከፍለህ ውሰድ» ተባልኩ። ልክፈል?

ሦስት ነገር ይጠይቁ፤ የሚያስቀጣው ሕግ የትኛው ነው፣ የወሰነው አካል ማን ነው፣ ክፍያው የሚገባው የት ነው? የክልሎች ደንቦች ለአስተዳደር አካል የመቅጣት ሥልጣን ሊሰጡ ይችላሉ፤ እውነት ከሆነ የደንቡን ቁጥር መናገር አይከብዳቸውም። ደንቡ በክልሉ ጋዜጣ ላይ ይወጣል፤ በአማራ ክልል ዝክረ ሕግ፣ በኦሮሚያ መገለተ ኦሮሚያ ይባላል። የክልሉን ጋዜጣ በፍትሕ ቢሮው ወይም በፍርድ ቤቱ ቤተ መጻሕፍት አይተው ማረጋገጥ ይችላሉ። ደንቡ ካለ፣ ውሳኔው በጽሑፍ ከሆነና የመንግሥት ደረሰኝ ከተቆረጠ መክፈል ከወራት ክርክር ሊሻል ይችላል፤ ይህን ለብዙዎች መክሬያለሁ። ከመክፈልዎ በፊት ግን ክፍያው የወንጀል መዝገቡን ይዘጋ እንደሆነ በጽሑፍ ይወቁ። ካልዘጋው ደረሰኙ ነገ ችሎት ላይ እንደ እምነት ቃል ሊነበብብዎ ይችላል።

ደረሰኝ የሌለው ገንዘብ ቅጣት አይደለም፤ ጉቦ ነው። በሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 የተቀበለው ብቻ ሳይሆን የሰጠውም ይጠየቃል። በአሸዋ የተያዘ ሰው በጉቦ ሲከሰስ ማየት በጣም ያሳዝነኛል፤ የመጀመሪያው ነገር ዋስና ቅጣት ይፈታው ነበር።

አሸዋውን የገዛሁት ፈቃድ ካለው ማኅበር ነው፤ ደረሰኝም አለኝ።

እንግዲያው ጉዳይዎ ጠንካራ ነው። የማኅበሩን ፈቃድ ቅጂ፣ ፈቃዱ የሚሸፍነውን ቦታና የሚያበቃበትን ቀን የሚገልጽ ደብዳቤ ከወረዳው ማዕድን ጽሕፈት ቤት ያውጡና ከማመልከቻው ጋር ያያይዙ። ማኅበሩ ከክልሉ ውጪ ወይም ከፈቃዱ ቦታ ውጪ ዝቆ ከሆነ ግን ደረሰኙ ቅን ገዥ መሆንዎን ያሳያል እንጂ አሸዋውን ሕጋዊ አያደርገውም።

መኪናው መንገድ ላይ ሳይሆን ከግቢዬ በሌሊት ተወሰደ።

ግቢ ለመግባት የፍርድ ቤት የብርበራ ትእዛዝ ያስፈልጋል፤ ብርበራውም ትእዛዙ ሌላ ሰዓት ካልፈቀደ ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 12 ሰዓት ባለው ጊዜ መሆን አለበት። ያለ ትእዛዝ የሚቻለው ጠባብ በሆኑ ሁኔታዎች ነው፤ ተጠርጣሪው በዓይን እየታየ ሲሳደድ ግቢው ከገባ፣ ወይም ከሦስት ዓመት በላይ በሚያስቀጣ ወንጀል ማስረጃ የሚሆን ነገር እንደተደበቀና ትእዛዝ እስኪወጣ ቢጠበቅ ሊሸሽ እንደሚችል በቂ ጥርጣሬ ሲኖር። ከእነዚህ ውጪ ከሆነ ይህን ራሱን ለብቻ ነጥብ አድርገው በማመልከቻው ላይ ይጻፉ፤ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 በይዞታ ሥር ያለን ንብረት ከሕገወጥ ብርበራና መያዝ ይጠብቃል።

ፍርድ ቤቱ «አይለቀቅም» አለ። አበቃ?

በክሱ መካከል በሚሰጡ አንዳንድ ትእዛዞች ላይ ወዲያው ይግባኝ ማለት አይቻልም፤ ስለዚህ ትእዛዙን ይዘው መጀመሪያ ጠበቃ ያማክሩ። ምክንያቱ ሲለወጥ ግን እንደገና ማመልከት ይቻላል። «ምርመራ ስላልተጠናቀቀ» ተብሎ ከሆነ የተከለከሉት፣ ምርመራው በተጠናቀቀ ማግስት ያ ምክንያት የለም።

በመጨረሻው ፍርድ መኪናው ይወረስ ከተባለ የይግባኝ ማስታወቂያውን ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን፣ የይግባኙን አቤቱታ ደግሞ የፍርዱ ግልባጭ በደረሰዎት በ30 ቀን ውስጥ ያስገቡ። ግልባጩን በዚያው ቀን ይጠይቁ። ከይግባኙ ጋር አፈጻጸሙ እንዲታገድ ካልጠየቁ፣ ይግባኙ ሲፈረድልዎ መኪናው በጨረታ ተሸጦ ሊቆይዎ ይችላል። ከዚያ በኋላ የሚቀረው መሠረታዊ የሕግ ስሕተት አለ ብሎ ወደ ሰበር መሄድ ነው።

የጠበቃ አቅም የሌለው ሰው እጁን አይስጥ። ብዙዎቹ የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች የሕግ ትምህርት ቤቶች ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት አሏቸው፤ አንዳንዶቹም ፍርድ ቤቶች ግቢ ውስጥ ይሠራሉ።

መኪናው ያለ ምክንያት ቆሞ ከሰርኩ። ካሳ መጠየቅ እችላለሁ?

የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2126 የመንግሥት ሠራተኛ በጥፋቱ ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ያደርገዋል፤ ጥፋቱ የሥራ ጥፋት ሲሆን፣ ማለትም በቅን ልቡና በሥልጣኔ ክልል ነኝ ብሎ ያደረገው ሲሆን፣ መንግሥትንም መጠየቅ ይቻላል። የግል ጥፋት ከሆነ መንግሥት አይጠየቅም፤ ሰውየው ብቻ ነው። የክሱ ጊዜ ጉዳቱ ከደረሰ ጀምሮ ሁለት ዓመት ነው።

መኪናው በሕግ ተይዞ እርስዎ በኋላ ነፃ ስለወጡ ብቻ ካሳ አያገኙም፤ ጥፋትን ማስረዳት ይጠበቅብዎታል። ልቀቁ የሚል የፍርድ ቤት ትእዛዝ እያለ አለመልቀቅ፣ በጥበቃ ጉድለት ዕቃ መጥፋት፣ ያለ አንዳች መዝገብ ወራት ማቆየት፤ እነዚህ ላይ ክስ መመሥረት ይቻላል። ማስረጃዎቹም የመጀመሪያው ቀን ዝርዝርና በገቢ ቁጥር የተመቱት ማመልከቻዎች ናቸው።

ለእንባ ጠባቂ ባመለክትስ?

ለአስተዳደር በደል ይጠቅማል፤ ለምሳሌ ማመልከቻ አልቀበልም ሲሉ። ፍርድ ቤት የያዘውን ጉዳይ ግን አያይም።

ተለቀቀልኝ። ስረከብ ምን ላስተውል?

«ሁሉንም ተሟልቶ ተረክቤያለሁ» የሚለው ላይ ሳያዩ አይፈርሙ። መካኒክ ይዘው ይሂዱ፤ ሞተሩ ሳይነሣ በፊት ዘይቱንና ውኃውን ያስዩ፤ ዝርዝሩን ይዘው እያንዳንዱን ዕቃ ከፖሊሱ ጋር ይቁጠሩ። የጎደለውን በርክክብ ቅጹ ላይ በእጅዎ ይጻፉ፤ «ባትሪ የለም፣ የኋላ ግራ ጎማ ተቀይሯል» ብለው፤ ከዚያ ይፈርሙ፤ አስረካቢውም ይፈርም። የመልቀቂያውን ትእዛዝ ቅጂ ለሹፌሩ በጋቢና ውስጥ ይተዉለት፤ በሚቀጥለው ኬላ ታርጋው ገና እንደሚፈለግ ተመዝግቦ ሊገኝ ይችላል። ትራንስፖርት መሥሪያ ቤት የተመዘገበው እግድም በራሱ አይነሣም፤ መዝገቡ ሲዘጋ የማንሻ ደብዳቤ አስጽፈው እርስዎ ራስዎ ያድርሱት።